ከአሳል በላይ የቀረው የጥድ ጫካ

እ.ኤ.አ. በ1952 ፓሪስ የሚገኘው ብሔራዊ የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም ከማንኛውም መዝገቡ ጋር የማይገጥም ቆቅ እጁ ገባ። ወፉ የተገኘው በቀድሞዋ የፈረንሳይ ሶማሌላንድ፣ ዛሬ ጅቡቲ በምንላት አገር፣ ዳይ በሚባል ስፍራ ነበር። ቆቅ በአፍሪካ ሞልቷል፤ የሜዳው አለ፣ የቆላው አለ፣ የደጋው አለ። ይህኛው መልኩ የደጋ ነው። የመጣበት አገር ግን የጨው፣ የአሸዋና የጥቁር ድንጋይ አገር ነው፤ ደጋ አለው ብሎ የሚጠረጥር ሰው ጥቂት ነው።

ምርመራውን የያዙት ዣን ዶርስትና ክርስቲያን ዡዋኒን የሚባሉ ሁለት የወፍ ተመራማሪዎች ነበሩ። ሁለቱም ያኔ ሠላሳ ዓመት አልሞላቸውም። ዶርስት ኋላ ላይ የዚያው ሙዚየም ዳይሬክተር ሆነዋል፤ ዡዋኒን ደግሞ ስማቸው የገነነው በባሕር ወፎች ጥናት ነው። ከፊታቸው የነበረው ወፍ 35 ሴንቲ ሜትር ያህል ርዝመት አለው። ጀርባው ግራጫ የተቀላቀለበት ቡናማ ነው፤ ፊቱ ላይ ጥቁረት አለ፤ ደረቱና ሆዱ ፈዘዝ ባለ መደብ ላይ ጠቆር ያሉ መስመሮች ወርደውበታል፤ ጅራቱ አጭር ነው።

ማንነቱ ያልታወቀ ወፍ ሲመጣ መጀመሪያ የሚፈለገው ዘመዱ ነው። የዚህ ቆቅ ዘመዶች ሩቅ አልነበሩም፤ ያሉት በኢትዮጵያ ደጋ ነው። አንደኛው ከሰሜን ተራሮች እስከ ሸዋ ገደላ ገደል የሚጮኸው፣ ግንባሩ ጥቁር አናቱ ቀይ ዳማ የሆነው የኤርክል ቆቅ ነው። ሌላው በባሌና በሐረርጌ ከፍታዎች የሚገኘው ማጅራተ ቀዩ ቆቅ ነው። የዳዩ ወፍ በአቋሙም በፊቱ ጥቁረትም የእነዚህ ወገን ነው፤ ነገር ግን አንዳቸውም አይደለም። ሁለቱ ተመራማሪዎች በዚያው ዓመት ለሳይንስ አዲስ የሆነ ዝርያ ነው ብለው አሳተሙት። ዛሬ የጅቡቲ ቆቅ ይባላል።

ስሙ ወጣ፤ ጥያቄው ግን አልተፈታም። የደጋ ወፍ በረሃ መሐል ምን ያደርጋል? ከዘመዶቹ የሚለየው ሰፊ፣ ደረቅና የሚያቃጥል የአፋር ቆላ ነው። ቆቅ ደግሞ እንደ ዋኖስ ወይም እንደ ጭልፊት አገር አቋርጦ የሚበር ወፍ አይደለም፤ ሲደነግጥ ትንሽ ተነሥቶ ቁጥቋጦ ውስጥ የሚሰወር፣ ኑሮው በእግሩ የሆነ ወፍ ነው። በበረራ አልመጣም ማለት ነው። መልሱ ያለው ወፉ ላይ ሳይሆን ተራራው ላይ ነው።

ከጋላፊ ወደ ጅቡቲ ወደብ ከባድ መኪና የሚነዱ ኢትዮጵያውያን ያን አገር በሙቀቱ ያውቁታል። በጅቡቲ ከተማ ዓመቱን ሙሉ የሚጥለው ዝናብ ከ200 ሚሊ ሜትር በታች ነው፤ በበጋ ሙቀቱ 40 ዲግሪን ያልፋል። ከታጁራ ባሕረ ሰላጤ በስተ ሰሜን ግን የጎዳ ተራሮች ቀጥ ብለው ይነሣሉ። ጫፋቸው ከባሕር ወለል ከ1,700 ሜትር በላይ ነው። በደቡብ ምዕራብ በኩል ከእግራቸው ሥር አሳል ሐይቅ አለ፤ ከባሕር ወለል 155 ሜትር ያህል ዝቅ ያለ፣ በአፍሪካ ምድር ከሁሉም የጎደጎደ ስፍራ። ከጨው ሜዳው እስከ ተራራው ራስ ያለው ርቀት በካርታ ላይ ጥቂት ነው፤ የከፍታው ልዩነት ግን ከ1,800 ሜትር ይበልጣል።

ተራራው የእሳተ ገሞራ ልጅ ነው። በጎዳና ከእሱ በስተ ምሥራቅ ባሉት በማብላ ተራሮች ከ10 ሚሊዮን ዓመት በፊት የፈሰሰ የቀለጠ ድንጋይ ረግቶ ይታያል። ኋላ የአፋር ምድር ሲሰነጠቅና መሐሉ ሲሰምጥ እነዚህ ዳርቻዎች ከፍ ብለው ቀሩ። ስንጥቁ ዛሬም አልቆመም፤ እ.ኤ.አ. በኅዳር 1978 በአሳልና ጉቤት በሚባለው የባሕር ወሽመጥ መካከል አርዱኮባ የሚባል አዲስ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ ለጥቂት ቀናት ቀልጦ የፈሰሰ ድንጋይ ተፍቷል። ጎዳ ከዚያ ሁሉ ግርግር በላይ ነው የተቀመጠው።

ከፍታው ብቻውን ጫካ አያበቅልም፤ ውሃ ይፈልጋል። ውሃው የሚመጣው ከባሕር ነው። ከጥቅምት እስከ መጋቢት ባሉት ቀዝቀዝ ያሉ ወራት ከቀይ ባሕርና ከኤደን ባሕረ ሰላጤ በኩል የሚነፍሰው ነፋስ እርጥበት ይዞ ይመጣል። ነፋሱ ከተራራው ግድግዳ ሲጋጭ ወደ ላይ ይወጣል፤ ሲወጣ ይቀዘቅዛል፤ ሲቀዘቅዝ ጉም ይሆናል። ጉሙ የግድ ዝናብ አይሆንም። የጥድ ቅጠል ቀጭንና ጥቅጥቅ ያለ ስለሆነ ጉሙን ይይዘዋል፤ ጠብታ እየሆነ ከግንዱ ሥር ይወርዳል። ዛፉ ራሱ ውሃውን ከአየር ያወርዳል ቢባል ማጋነን አይደለም። ይህ ነገር ኋላ ለሚመጣው መከራ ትልቅ ትርጉም ስላለው ልብ ይሏል፦ ዛፉ ሲሞት የሚጠፋው ጥላው ብቻ አይደለም፤ ውሃውም አብሮ ይቀራል።

ይህ ጥድ እንግዳ አይደለም። በቤተ ክርስቲያን ቅጥር የምናየው፣ በእንጦጦና በወፍ ዋሻ የምናውቀው የሀበሻ ጥድ ራሱ ነው። በዳይ አምባ ላይ ጥድ፣ ወደ ተዳፋቱ ቡክሰስ የሚባለው እንጨቱ ጠንካራ ቁጥቋጦ፣ በሸለቆው ወይራና የሾላ ዘመዶች፣ ዝቅ ሲሉ ግራር ይገኛል። በቋጥኙ ላይ ሽኮኮ ይሞቃል፤ ትከሻቸው ላይ ነጭ ጎፈር የለበሱት የቆላ ዝንጀሮዎች በመንጋ ይዞራሉ። ከታች አንዲት ዛፍ የማትበቅልበት የላቫ ድንጋይ ሜዳ እያለ ከላይ የወይራ ጥላ መኖሩን ለማመን ያስቸግራል።

እንግዲህ የቆቁ እንቆቅልሽ የሚፈታው እዚህ ላይ ነው። የአፍሪካ ቀንድ ሁልጊዜ እንዳሁኑ ደረቅ አልነበረም። እርጥብና ቀዝቃዛ በነበሩት ዘመናት የደጋው ጫካ ዝቅ ብሎ ይወርድ ነበር፤ ወፉም ከጫካው ጋር በእግሩ ይስፋፋል። አየሩ ሲደርቅና ሲሞቅ ጫካው ወደ ከፍታው ሸሸ። አብዛኛው ወደ ኢትዮጵያ ደጋ ተመለሰ፤ ጥቂቱ በጎዳና በማብላ ላይ ተቆርጦ ቀረ። ከዚያ በኋላ የቀረው ቆቅ ከዘመዶቹ ሳይገናኝ ትውልድ በትውልድ ላይ እየተካ ሌላ ዝርያ ሆነ። እኔ እንደማየው በ1952ቱ ግኝት ከወፉ ይልቅ የሚደንቀው ይህ ነው፦ አንድ ወፍ የጠፋ ጫካ ካርታ ሆኖ መገኘቱ።

ግኝቱ ለምን ያን ያህል ዘገየ? መንገዱ እኮ ያረጀ ነው። ታጁራ ለሸዋ የባሕር በር ነበረች፤ ጨው፣ ጨርቅና ጠመንጃ የጫኑ ግመሎች በአሳል በኩል ወደ አንኮበር ይሄዱ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1841 ወደ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ የተላከውን የእንግሊዝ መልእክተኛ ቡድን የመራው ዊልያም ኮርንዋሊስ ሃሪስ በዚሁ መንገድ አለፈ። ሃሪስ ተራ ወታደር አልነበረም፤ በደቡብ አፍሪካ አደን ላይ ሳለ ትልቁን ጥቁር ድኩላ መሰል እንስሳ ለሳይንስ ያስተዋወቀ፣ እንስሳ ሲያይ የሚሥልና የሚጽፍ ሰው ነበር። በ1886 መጨረሻ ደግሞ ፈረንሳዊው ገጣሚ አርተር ራምቦ ለምኒልክ ጠመንጃ ጭኖ ከታጁራ ተነሣ። የሁሉም መንገድ በተራራው እግር ሥር ነበር። በዚያ ሙቀት የሚያሳስበው ቀጣዩ የውሃ ጉድጓድ ነው፤ ጉም ወደሚያርፍበት አምባ ለመውጣት የሚያበቃ ምክንያት ማንም አልነበረውም።

በዳይና በራንዳ የሚኖሩት አፋሮች ግን ቆቁን በየማለዳው ይሰሙት ነበር። ጎሕ ሲቀድ ወንዱ ከቁጥቋጦው ውስጥ አንድ ጊዜ ጠንከር አድርጎ ይጮኻል፤ ከዚያ ካ ካ ካ እያለ ያፈጥነውና መጨረሻ ላይ ዝቅ ባለ ድምፅ ይጨርሰዋል። ድምፁ ከሸለቆ ሸለቆ ይመላለሳል፤ ወፉ ግን አይታይም። ቆቅ ቆቅ ነውና ኮሽታ ሲሰማ ቡክሰሱ ውስጥ ገብቶ ይጠፋል። የወደቀ የሾላ ፍሬ፣ የጥድ ፍሬ፣ ዘርና ምስጥ ለመልቀም ሲወጣ ብቻ ነው ዐይን የሚገባው። ስለዚህ ኋላ ቆጠራ ያካሄዱት ሰዎች በዐይን ብቻ አልተመኩም፤ በማለዳ ጆሯቸውን ሰጥተው የሚጮኸውን ቆጠሩ።

ተራራው የያዘው ቅሪት ቆቁ ብቻ አይደለም። ከአምባው ዝቅ ብሎ ባንኩዋሌ በሚባለው ሸለቆ ዓመቱን ሙሉ ውሃ የማይለየው ስፍራ አለ፤ እዚያ ረጅም፣ ቅጠሉ እንደ ማራገቢያ የተዘረጋ ዘንባባ ቆሟል። ይህን ዘንባባ ጣሊያናዊው የዕፅዋት ሊቅ ኤሚሊዮ ኪዮቬንዳ በ1929 የገለጸው ከሰሜን ሶማሊያ በተገኘ ናሙና ነው፤ ያኔ ከዱም ወገን መደበው። በ1943 ጀርመናዊው ማክስ ቡሬት አይ፣ ይህ ለብቻው ነው ብሎ ዊስማኒያ የሚል አዲስ የወገን ስም አወጣለት። በ1983 ደግሞ ሌሎች ሁለት የዘንባባ ተመራማሪዎች መልሰው መረመሩትና ሊቪስቶና ከሚባለው ወገን አስገቡት። የሊቪስቶና ዝርያዎች የሚኖሩት በእስያና በአውስትራሊያ ነው። በአፍሪካና በዐረብ ምድር ያለው ይህ አንዱ ብቻ ነው፤ እሱም በጅቡቲ፣ በሶማሊያና በየመን በጥቂት እርጥብ ሸለቆዎች ተበታትኖ የቀረ ነው። ከቆቁ የበለጠ የራቀ ዘመድ ያለው፣ ከቆቁም የረዘመ የመለያየት ታሪክ የያዘ ዛፍ ማለት ነው። ሁለት ጊዜ ስሙ የተለወጠውም በተመራማሪዎቹ ድክመት አይመስለኝም፤ ሊቪስቶናን አፍሪካ ውስጥ ፈልጎ የሚያውቅ ሰው አልነበረም።

ጅቡቲ በ1977 ነጻ ስትወጣ ስለ ጫካው የሚወራው ወሬ ተለወጠ። እስከዚያ የሚጠየቀው እዚያ ምን አለ የሚለው ነበር፤ ከዚያ በኋላ ስንት ቀረ የሚለው ሆነ። ዳይ በቅኝ ግዛቱ ዘመን፣ በ1939፣ ብሔራዊ ፓርክ ተብሎ ነበር፤ ወረቀቱ ግን ጫካውን አልጠበቀውም። በ1949 ወደ 2,300 ሄክታር ይገመት የነበረው ጫካ በ1983 ወደ 1,400 ሄክታር ወርዷል። የቆቁ ቁጥር ከዚያ በበለጠ ፍጥነት ነው የወረደው፦ በ1978 በዳይ 5,600 ገደማ ተብሎ የተገመተው በ1985 ወደ 1,500 ወረደ። ሰባት ዓመት ብቻ ነው።

ጥዱ ቆሞ እየደረቀ ነበር። ግራጫ ግንዶች ቅርንጫፋቸውን እንደያዙ በተዳፋቱ ላይ ተሰልፈው ቆሙ። አንድ ገዳይ ብቻ ፈልጎ ለማግኘት ብዙ ተሞክሯል፤ የሚታየው ግን የብዙ ነገር ድምር ነው። ከብት፣ ፍየልና ግመል የበቀለውን ችግኝ ገና በለጋው ይበሉታል፤ ስለዚህ ያረጀውን የሚተካ ወጣት ዛፍ የለም። እንጨት ይቆረጣል። ድርቁ ተደጋገመ። ከሁሉም በላይ ቦታው ለጥድ ጠርዝ ነው፤ በኢትዮጵያ ጥድ በአመዛኙ ከ1,500 እስከ 3,000 ሜትር ባለው ከፍታ ሲበቅል፣ የጎዳ ጥድ ግን የዚያን ክልል የታችኛውን ደረጃ ብቻ ነው ያገኘው። አየሩ ትንሽ ሲሞቅ የኢትዮጵያው ጥድ ወደ ላይ የሚሸሽበት ተራራ አለው። ከጎዳ ጫፍ በላይ ያለው ሰማይ ነው። ዛፉ ሲደርቅ ደግሞ ጉም የሚይዝ ቅጠል ይጠፋል፣ አፈሩ ይደርቃል፣ ቀጣዩ ችግኝም ለመብቀል ይቸገራል።

በዚህ መሐል አንድ የምሥራች መጣ። በ1985 ጂኦፍና ሂላሪ ዌልች የሚባሉ እንግሊዛውያን ባልና ሚስት የጅቡቲን ወፎች ሲያጠኑ ቆቁን በማብላ ተራሮችም አገኙት። ማብላ ከጎዳ ዝቅ ያለና የደረቀ ነው፤ እንደ ዳይ ያለ የጥድ ጫካ የለውም። ወፉ ግን እዚያም ነበር፤ ቁጥሩ ጥቂት ቢሆንም። ይህ ግኝት ሁለት ነገር አሳየ። አንደኛ፣ የዝርያው ዕጣ በአንድ ተራራ ላይ ብቻ የተንጠለጠለ አይደለም። ሁለተኛ፣ ቆቁ ጥድ ብቻ የሚል ወፍ አይደለም፤ ጥላና መሸሸጊያ ካገኘ በሌላ ቁጥቋጦም ይኖራል። በዳይም ጥዱ ከደረቀ በኋላ ቡክሰስና ግራር ውስጥ መታየቱ ይህንኑ ያጠናክራል። ተስፋው ያለው እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ ሙሉ ጫካ እስኪመለስ መጠበቅ የለበትም።

ግን ክትትሉ ብዙ አልገፋም። በ1991 በመንግሥትና በአፋር አማፅያን ግንባር መካከል ጦርነት ተነሣ፤ የተዋጉበትም ሰሜኑ ነው፤ ተራሮቹም የጦር ሜዳ ሆኑ። የሰላም ስምምነት የተፈረመው በታኅሣሥ 1994 ነው። ዛሬ ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ቆቁን ለመጥፋት እጅግ ከተቃረቡት ተርታ መዝግቦታል፤ ለመራባት የደረሱት ከ200 እስከ 500 ብቻ እንደሚሆኑ ይገመታል።

የግኝቱ ታሪክ በቆቁ አላበቃም። በ1881 ፈረንሳዊው አሳሽ ዦርዥ ሬቮይል ከሶማሊያ ካመጣቸው ናሙናዎች አንዲት ትንሽ እንስሳ ተገልጻ ነበር፤ ስሟ የሶማሌ ሴንጊ ነው። አይጥ ትመስላለች፤ አይጥ ግን አይደለችም። አፍንጫዋ ረጅምና የሚንቀሳቀስ ነው፤ በዘር የምትቀርበው ለዝሆን፣ ለአዋልዲጌሳና ለሽኮኮ ነው። ሙዚየሞች የያዙት 39 ናሙና ብቻ ሲሆን ከ1968 በኋላ አንድም አልተመዘገበም ነበር። ከጠፉ እንስሳት ጋር ተቆጠረች።

ጅቡቲያዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ ሁሴን ራያሌህ ግን አልጠፋችም ይሉ ነበር፤ አይተዋታል። በ2019 አሜሪካውያኑ ስቲቨን ሄሪቴጅና ጋለን ራትበን ከሳቸው ጋር ሆነው ፍለጋ ጀመሩ። መጀመሪያ የጠየቁት የአካባቢውን ሰው ነው፤ እረኞቹ ፎቶ ሲያዩ ይቺን እናውቃታለን አሉ። በ12 ቦታዎች 1,259 ወጥመድ ተዘረጋ፤ ማባበያው የለውዝ ቅቤ፣ አጃና እርሾ የተለወሰበት ነበር። ገና በመጀመሪያ ከከፈቷቸው ወጥመዶች በአንዱ ውስጥ ቁጭ ብላ ተገኘች። የጭራዋን ጫፍ አዩ፤ ጎፈር አለው። ሌሎቹ ሴንጊዎች እንዲያ የላቸውም። ውጤቱ በነሐሴ 2020 ታተመ። የዘረ መል ምርመራው ደግሞ ሌላ የሚያስገርም ነገር አወጣ፦ ከዘመዶቿ አንዱ በሞሮኮ፣ ሌላው በደቡባዊ አፍሪካ ነው። እንደ ባንኩዋሌው ዘንባባ እሷም ሩቅ አገር ዘመድ ያላት ናት። ራትበን ለብዙ ዓመታት ሴንጊዎችን ሲያጠኑ ኖረዋል፤ ውጤቱ ሳይታተም በ2019 አረፉ።

ተመራማሪዎቹ ሴንጊዋ ስጋት የሌለባት ተብላ እንድትመዘገብ ሐሳብ አቀረቡ። ምክንያታቸው ቀላል ነው፤ የምትፈልገው ድንጋይና ጥቂት ቁጥቋጦ ነው፤ ያ ደግሞ በቀንዱ ምድር ሞልቷል፤ ለእርሻም ለግጦሽም አይሻሙባትም። የጠፋች የመሰለችው ጠያቂ ስላልነበረ ነው።

ቆቁ ዕድሉ እንዲያ አይደለም። የሚፈልገው ጥላ የሰውም የከብትም ፍላጎት ነው። ራያሌህ የመሠረቱት የጅቡቲ ተፈጥሮ ማኅበር በዳይ የጥድ ችግኝ ማፍላት ጀምሯል፤ ችግኙ ታጥሮ ይተከላል። ጥድ ቶሎ አያድግም፤ ከፍየል አፍ በላይ እስኪደርስ ዓመታት ይፈልጋል። አጥሩ በዚያ ሁሉ ጊዜ እንዲቆም ከብት ያላቸው የዳይ ቤተሰቦች መስማማት አለባቸው። የሚስማሙት ደግሞ በደረቅ ወራት ከብቱን የሚያሰማሩበት ሌላ ሣር ሲያገኙ ነው፤ ከጎዳ ዝቅ ብሎ ያለው ግን እስከ አሳል ድረስ ድንጋይና ጨው ነው።